ጥርስ በጉልበት አይሄድም፦ ስለ ጥርስ ሽቦ ለተሰራጨው ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን በደሴና በኮምቦልቻ፣ ልጆቻቸውን የጥርስ ሽቦ ለማሳሰር በሚያስቡ ወላጆች ዘንድ አንድ ጽሑፍ እየተዘዋወረ ነው። ጸሐፊው የተነሡበት ዓላማ በጎ መሆኑን አንጠራጠርም፤ ሕክምናው ረጅምና ውድ ስለሆነ ሰው ገንዘቡንና ጊዜውን እንዳያባክን ሊመክሩ ፈልገዋል። ምክሮቹ ግን አብዛኞቹ የተሳሳቱ ናቸው፤ አንዱማ ጤነኛ ጥርስ የሚያሳጣ ነው።

የተባለው ባጭሩ ይህ ነው። ጥርስ እንደ አጥር ችካል በኃይል በተገፋ መጠን ቶሎ ይሄዳል፣ ስለዚህ ሐኪሙ በየሳምንቱ እንዲያጠብቀው ግድ በሉት። ካላመማችሁ ሽቦው እየሠራ አይደለም። ከመጀመሪያው ወፍራም ሽቦ ቢታሰር ወጪ ይቆጥባል። ፍንጭትን ቤት ውስጥ በላስቲክ መዝጋት ይቻላል። ከ20 ዓመት በኋላ ጥርስ አይንቀሳቀስም። የመጨረሻውን መንጋጋ ማስነቀል የፊት ጥርስ እንዳይጣመም ያደርጋል። በጾም ወቅት የአፍ ውስጥ ላስቲክ ይውለቅ። ሽቦው ከተፈታ በኋላ የሚታዘዘው ሪቴይነር (የተስተካከለውን ጥርስ ባለበት የሚይዝ፣ የሚወልቅ መሣሪያ) ገንዘብ ማግኛ ነው። በየተራ እንመልሳለን፤ በመጀመሪያው ላይ ግን ቆየት እንላለን፣ የቀሩት ስሕተቶች በአብዛኛው ከእሱ የመጡ ናቸውና።

ስለ ችካሉ

ችካል ሲገፋ አፈሩ ይሸሻል። በጥርስ ዙሪያ ያለው ግን አጥንት ነው፤ አጥንት ደግሞ ስለተገፋ ቦታ አይለቅም። በጥርሱ ሥርና በአጥንቱ መካከል 0.2 ሚሊ ሜትር ገደማ ስፋት ያላት ክፍተት አለች። ጥርሱን ከአጥንቱ ጋር የሚያስረው ጅማት ያለው እዚያ ነው፤ ከእሱ ጋር ቀጫጭን የደም ሥሮች፣ ነርቮች፣ ሕዋሳትና ፈሳሽ አሉ። ጥርስ የሚሄደውም የሚቆመውም በዚህች ክፍተት ውስጥ በሚሆነው ነገር ነው።

ጉልበት ብቻውን ጥርስ የሚያስኬድ ቢሆን ኖሮ የማንም ጥርስ ባለበት ባልቆየ ነበር። ቆሎ ስንቆረጥም በመንጋጋ ጥርስ ላይ በአሥር ኪሎዎች የሚቆጠር ጫና ያርፋል፤ ጥርሱ ግን ንቅንቅ አይልም። ጫናው ከአንድ ሰከንድ ብዙም ስለማይዘል በጅማቱ ውስጥ ያለው ፈሳሽ ለመውጣት ጊዜ አያገኝም፤ ኃይሉን ተቀብሎ ወደ አጥንቱ ያሳልፈዋል። ቀላል ኃይል ሲሆንና ሳይቋረጥ ሲቆይ ነገሩ ይለያል። በጥቂት ሰከንዶች ውስጥ ፈሳሹ ይወጣል፤ ጅማቱ በአንድ ወገን ይጨመቃል፣ በሌላው ወገን ይወጠራል። ለ4 ሰዓት ያህል ሳይቋረጥ ከቀጠለ ሕዋሳቱ መልእክት የሚያስተላልፉባቸው ንጥረ ነገሮች ይጨምራሉ። በ2 ቀን ገደማ በተጨመቀው ወገን አጥንት የሚያሟሙ ሕዋሳት ሥራ ይጀምራሉ፤ በተወጠረው ወገን ደግሞ ሌሎች ሕዋሳት አዲስ አጥንት ይሠራሉ። ጥርሱ ከነጅማቱ ወደተከፈተለት ቦታ የሚያልፈው እንዲህ ነው።

ኃይሉ ከልክ ሲያልፍ የሚሆነውን ጸሐፊው ጨርሶ አላነሡትም። በተጨመቀው ወገን ያሉት ቀጫጭን የደም ሥሮች ይዘጋሉ፤ ደም ያጣው ቦታ ይሞታል። ካርል ሳንድስቴት የተባለ ስዊድናዊ በፈረንጆቹ 1904 አካባቢ በውሻ ጥርስ ላይ ሞክሮ ይህን በማይክሮስኮፕ አይቷል፤ የሞተው ክፍል ሕዋስ አልባና መስታወት መሰል ነበር። በሞተ ቦታ አጥንት የሚያሟሙ ሕዋሳት አይኖሩም። ከአጥንቱ ጀርባ፣ ከመቅኔው በኩል ዞረው መምጣት አለባቸው፤ ይህም ከ7 እስከ 14 ቀን ይፈጃል፣ አንዳንዴም ከዚያ ይበልጣል። እስከዚያ ጥርሱ ቆሞ ይጠብቃል። አሁን በሳምንቱ ሄዳችሁ እንደገና ቢጠብቅ የሞተው ቦታ ገና ሳይጸዳ ሌላ የሞተ ቦታ ይጨመርበታል። በየሳምንቱ ማስጠበቅ ጥርሱን ባለበት ያቆመዋል እንጂ አያፈጥነውም፤ የጥርሱ ሥር ጫፍም ከአጥንቱ ጋር እየተበላ እንዲያጥር ያደርጋል። በጥንቃቄ በተሠራ ሕክምናም ቢሆን ከሥሩ ጫፍ 1 ወይም 2 ሚሊ ሜትር ማጠር የተለመደ ነው፤ ከልክ ያለፈ ኃይልና የተራዘመ ሕክምና አደጋውን ያባብሱታል። ያጠረ ሥር ደግሞ ተመልሶ አይረዝምም።

ታዲያ ልኩ ስንት ነው? ሽዋርትስ የተባለ ተመራማሪ በፈረንጆቹ 1932 ያቀረበው መለኪያ በደቂቃን የደም ሥሮች ውስጥ ያለው ግፊት ነበር፤ በካሬ ሴንቲ ሜትር ከ20 እስከ 26 ግራም። በሥራ ላይ ባለሙያ የሚይዛቸው ቁጥሮች እንደ እንቅስቃሴው ይለያያሉ። ጥርስን ለማዘንበል ወይም ለማዞር ከ35 እስከ 60 ግራም ይበቃል። ሥሩም አናቱም እኩል እንዲሄዱ ሲፈለግ ከ70 እስከ 120 ግራም ያስፈልጋል፤ ጫናው በሥሩ ሙሉ ጎን ላይ ስለሚከፋፈል ነው። ጥርስን ወደ ውስጥ ለማስገባት ግን ከ10 እስከ 20 ግራም ብቻ፤ ኃይሉ በሙሉ በሥሩ ጫፍ ላይ፣ በጠባብ ቦታ ይሰበሰባልና። 60 ግራም ማለት የአንድ እንቁላል ክብደት ነው። ሐኪሙ ሽቦውን በስሱ አስሮ ሲሸኛችሁ አልሰነፈም።

በዚህ ልክ የተያዘ ጥርስ በወር 1 ሚሊ ሜትር ገደማ ይሄዳል። ከክራንቻ ቀጥሎ ያለው ትንሹ መንጋጋ ተነቅሎ ቦታው እንዲዘጋ ከታሰበ፣ ቦታው 7 ሚሊ ሜትር ያህል ስለሆነ ለመዝጋት ብቻ ከግማሽ ዓመት በላይ ይወስዳል። ስለዚህ ቀጠሮ ከ4 እስከ 8 ሳምንት መራራቁ አጥንቱ የሚሠራበትን ጊዜ ለመስጠት ነው። ለክትትል ከደሴ አዲስ አበባ የሚመላለስ ሰው 400 ኪሎ ሜትር ገደማ መንገድ በየሳምንቱ ቢቆርጥ የሚያተርፈው ድካምና ያጠረ ሥር ነው።

በጉልበት ላይ የምናነሣው ሌላም ጉዳት አለ፤ ከሁሉም በላይ ሕክምና የሚያበላሸውም እሱ ይመስለናል። ክራንቻን ወደ ኋላ ለመሳብ ከኋለኛው መንጋጋ ጋር በመለጠጫ እናያይዘዋለን። መለጠጫው ክራንቻውን በሳበበት ኃይል ልክ መንጋጋውንም ወደ ፊት ይስባል። መንጋጋው ሁለት ወይም ሦስት ሥር ስላለው ያው ኃይል በሰፊ ቦታ ይከፋፈላል። ኃይሉ ቀላል ሲሆን በክራንቻው ሥር ዙሪያ ያለው ጫና አጥንት ለማሠራት ይበቃል፣ በመንጋጋው ዙሪያ ያለው ግን ከሚያስፈልገው በታች ይሆናል፤ ክራንቻው ይመጣል፣ መንጋጋው በአብዛኛው ይቆያል። ኃይሉ ሲጨመር የክራንቻው ወገን ይሞትና ይቆማል፤ የመንጋጋው ጫና ግን በዚያው ጭማሪ ከልኩ ላይ ይደርሳል። ያን ጊዜ ወደ ፊት የሚሄደው መንጋጋው ነው። ገጣጣውን ለማስገባት ተብሎ ሁለት ጤነኛ ጥርስ ተነቅሎ፣ ቦታውን የኋላ ጥርሶች በልተውት ገጣጣው እንደነበረ የሚቀረው አንዳንዴ በዚህ ምክንያት ነው። መንጋጋው ጨርሶ እንዳይነቃነቅ ካስፈለገ አጥንት ላይ የሚታሰሩ፣ ከ1.2 እስከ 2 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያላቸው ትናንሽ ብሎኖች አሉ።

ካላመመ አልሠራም?

ሕመሙ ሽቦው ከታሰረ ከጥቂት ሰዓታት በኋላ ይጀምራል፤ በመጀመሪያውና በሁለተኛው ቀን ይበረታል፤ በአብዛኛው በሳምንት ውስጥ ይጠፋል። አጥንቱ ዋና ሥራውን የሚሠራው ከዚያ በኋላ፣ ምንም በማያምባቸው ሳምንታት ነው። ለመጀመሪያዎቹ ቀናት ፓራሲታሞል በልኩ መውሰድ ይበቃል። እንደ አይቡፕሮፌን ያሉትን ለረጅም ጊዜ ያለ ሐኪም ምክር መውሰድ አይገባም፤ ሕመም የሚያስታግሱት አጥንት እንዲሟሟ የሚረዳውን ንጥረ ነገር በመቀነስ ስለሆነ እንቅስቃሴውን ሊያዘገዩት ይችላሉ። ጥርሱ በመጠኑ መወዛወዙ የሚጠበቅ ነው፣ ጅማቱ ሰፍቷልና። ሳይታኘክበት በራሱ የሚጠዘጥዝ፣ ቀለሙ የጠቆረ ወይም በጣም የላላ ጥርስ ካለ ግን ቀጠሮ አይጠበቅም።

ከመጀመሪያው ወፍራም ሽቦ

ይህ ምክር ከሽቦ ጠባይ ጋር ይጋጫል። የክብ ሽቦ ግትርነት የሚጨምረው በውፍረቱ ልክ አይደለም፤ ውፍረቱ በራሱ አራት ጊዜ ተባዝቶ ነው። ውፍረቱ እጥፍ ሲሆን ግትርነቱ 16 እጥፍ ይሆናል። በማሸጊያው ላይ 014 ተብሎ የሚጻፈው ሽቦ 0.36 ሚሊ ሜትር ነው፤ 020 የሚባለው 0.51። በዓይን ሲታዩ እምብዛም አይለያዩም፤ ሁለተኛው ግን አራት እጥፍ ያህል ይገትራል። በዚያ ላይ በመጀመሪያ የሚታሰረው ከኒኬልና ከቲታኒየም ቅይጥ የተሠራው ነው፤ በእኩል ውፍረት ከብረቱ ሽቦ አምስት ወይም ስድስት ጊዜ ይለሰልሳል፣ ብዙ ተጣምሞም ወደ ቅርጹ ይመለሳል። ደራርቦ በበቀለ ጥርስ ላይ ወፍራም ብረት ማሰር ማለት እንግዲህ ከሃያ እጥፍ በላይ የሆነ ኃይል መጫን ነው። ወይ ብራኬቱ (ጥርሱ ላይ ተለጥፎ ሽቦውን የሚይዘው ትንሽ ቁራጭ) ይነቀላል፣ ወይ ሽቦው እንደተጣመመ ይቀራል፣ ወይ ደግሞ ኃይሉ ሁሉ ጥርሱ ላይ ያርፍና ከላይ የነገርናችሁ ይደርሳል።

ወፍራሙ ተራው ሲደርስ ግን ግድ ያስፈልጋል፤ ምክንያቱ ጸሐፊው ያሰቡት አይደለም። ኃይሉን የምናሳርፈው በሚታየው የጥርሱ ክፍል ላይ በተለጠፈው ብራኬት ነው፤ ጥርሱ የሚቋቋምበት ማዕከል፣ ማለትም ኃይል ቢያርፍበት ጥርሱ ሳያዘነብል የሚሄድበት ነጥብ፣ ግን በሥሩ ላይ፣ ከአጥንቱ አፍ ወደ ውስጥ የሥሩን ሲሶ ወይም ግማሽ ያህል ገብቶ ነው ያለው። በብራኬቱና በማዕከሉ መካከል 10 ሚሊ ሜትር ያህል ርቀት ስላለ፣ አናቱን ብቻ ስንስብ አናቱ ይመጣል፣ ሥሩ ወደ ተቃራኒው ያዘነብላል። ይህን ለማካካስ ብራኬቱ ላይ የሚጠመዝዝ ኃይል እንጨምራለን። በ100 ግራም ከሳብን 1000 ግራም ሚሊ ሜትር የሚሆን ተቃራኒ ጠምዛዥ ኃይል ሲጨመር ጥርሱ ቀጥ ብሎ ይሄዳል። የፊት ጥርስን ሥር ወደ ውስጥም ወደ ውጭም የሚጠመዝዘው ባለ አራት ማዕዘን ሽቦ ነው፤ ክብ ሽቦ በብራኬቱ ጎድጓዳ ውስጥ ስለሚዞር ይህን ማድረግ አይችልም። የተለመደው ቅደም ተከተል 014 ክብ፣ ከዚያ 016፣ ከዚያ 016 በ022 ባለ ማዕዘን፣ በመጨረሻ 019 በ025 ብረት የሆነው ለዚህ ነው። በመሃል የሚዘለው ደረጃ እንደ ጥርሱ ሁኔታ በሐኪሙ ይወሰናል። ሙሉ ሕክምና ብዙ ጊዜ ከአንድ ዓመት ተኩል እስከ ሁለት ዓመት የሚፈጀውም ስለዚህ ነው።

ጸሐፊው ለወጪ ከተጨነቁ ብራኬት የሚነቅለውን ቢነግሩን መልካም ነበር። ቆሎና ዳቦ ቆሎ፣ የተጠበሰ በቆሎ፣ ሸንኮራ አገዳ፣ አጥንት መጋጥ። ብራኬቱ ሲነቀል ያ ጥርስ ከሽቦው ይለያል፣ ሽቦው ግን ጎረቤቶቹን መግፋቱን ይቀጥላል፤ ስለዚህ ለቀጠሮው ወር ቢቀረውም ለሐኪሙ ደውሎ መናገር ያስፈልጋል። ሽቦው ጉንጭ ከወጋ ቦታውን አድርቆ የሚሰጣችሁን ሰም መለጠፍ ነው። ጫት በጉንጭ ይዞ መቆየት ደግሞ፣ በተለይ ስኳር ከበዛበት ሻይ ወይም ለስላሳ ጋር ሲሆን፣ በብራኬቱ ዙሪያ ቆሻሻ ይይዛል። ኢናሜሉ (የጥርሱ ጠንካራ የውጭ ሽፋን) ላይ ነጭ ጠባሳ ለመታየት 4 ሳምንት ሊበቃ ይችላል። መፋቂያ የፊት ለፊቱን ያጸዳል፣ ከሽቦው ሥር ግን አይገባም፤ ለእሱ በጥርስ መሃል የምትገባው ትንሽ ብሩሽና ፍሎራይድ ያለው የጥርስ ሳሙና ያስፈልጋሉ። ሽቦ ከመታሰሩ በፊት የተበላው ጥርስ ይታከም፣ ድዱ ይዳን ያሉት ግን ትክክል ነው፤ በዚህ ከጸሐፊው ጋር ሙሉ በሙሉ እንስማማለን።

ፍንጭትና ላስቲክ

ከጽሑፉ ሁሉ ያስደነገጠን ይህ ነው። የፊት ጥርስ ከአናቱ ሰፊ፣ ወደ ሥሩ እየጠበበ የሚሄድ ነው። ሁለት ጥርስ ላይ የተጠለቀ ላስቲክ ባለበት አይቆይም፤ ወደ ጠባቡ ይንሸራተታል፣ ከድድ ሥር ይገባል፣ ከዚያ አይታይም። ልጁ ወደቀ ብሎ ሌላ ይጨምራል። ውስጥ የገባው ላስቲክ ወደ ሥሩ ጫፍ እየዘለቀ ጅማቱን ይቆርጣል፣ አጥንቱን ያሳጣል። ድዱ ያብጣል፣ ይመግላል፣ ጥርሶቹ ይረዝማሉ፣ ይላላሉ። ላስቲኩ በኤክስሬይ አብዛኛውን ጊዜ ስለማይታይ ቤተሰቡ ካልተናገረ ሐኪሙም ተራ የድድ በሽታ ሊመስለው ይችላል። በዚህ ሁለቱም የፊት ጥርሶች ሊጠፉ ይችላሉ። ክርም ሆነ የፀጉር ላስቲክ ልዩነት የለውም። አስቀድሞ ያደረገ ልጅ ካለ፣ ላስቲኩ ባይታይም ዛሬውኑ ጥርስ ሐኪም ዘንድ ወስዳችሁ የሆነውን በግልጽ ንገሩ።

ፍንጭት በወሎ የውበት ምልክት እንደሆነ እናውቃለን፤ መዝጋት ግዴታም አይደለም። ሌላው ጥርስ ሲስተካከል ፍንጭቱ እንዲቀር የሚፈልግ ሰው ከመጀመሪያው ቀን ይናገር። ሐኪሙ ስፋቱን ለክቶ ይዞ ሌሎቹን በዚያ ልክ ይደረድራል። ከተዘጋ በኋላ ክፈቱልኝ ማለት ግን ሌላ ሕክምና ነው።

ዕድሜና የመጨረሻው መንጋጋ

ጸሐፊው ሁለት ነገር ቀላቅለዋል። የመንጋጋን እድገት መምራት ልጁ አድጎ ሳይጨርስ የሚሠራ ነው፤ ያ በእርግጥ ዕድሜ ያልፍበታል። ጥርስን በአጥንት ውስጥ ማንቀሳቀስ ግን ጅማቱ በሕይወት እስካለ ድረስ በ40ም በ50ም ዓመት ይቻላል፤ አጀማመሩ ብቻ ዘገምተኛ ነው። በአዋቂ ላይ የሚያስፈራው የድድ በሽታ ነው። አጥንቱ ወደ ታች ከወረደ በብራኬቱና ጥርሱ በሚቋቋምበት ማዕከል መካከል ያለው ርቀት ይጨምራል፤ ኃይሉን የሚሸከመው ጅማትም ያንሳል። ስለዚህ ለጤነኛው ልክ የነበረው ኃይል ለዚህ ሰው ይበዛበታል።

የመጨረሻው መንጋጋ የፊት ጥርስን ገፍቶ አያጣምምም። ያ ጥርስ ከተፈጥሮው ያልበቀለላቸው ሰዎችም የታች የፊት ጥርሳቸው በዕድሜ ይጨናነቃል። ከታመመ ወይም ጎረቤቱን ከጎዳ ይነቀላል፣ ለዚህ ተብሎ ግን አይደለም።

አንድ ነገር ግን ወላጆች ይወቁልን። በሕፃንነቱ ለተቅማጥ ወይም ለትኩሳት ተብሎ ድዱ ተፈንቅሎ የክራንቻው እምቡጥ የወጣለት ልጅ ካለ፣ ይህን ለሐኪሙ መንገር ያስፈልጋል። ቋሚው ክራንቻ ጨርሶ ላይኖር ወይም ተበላሽቶ አጥንት ውስጥ ሊቀር ስለሚችል፣ ኤክስሬይ ሳይታይ ሌላ ጥርስ መንቀል ልጁን ሁለት ጊዜ ይጎዳዋል።

በጾም ወቅት ላስቲክ ማውለቅ

ከላይኛው ክራንቻ ወደ ታችኛው መንጋጋ የሚለጠጠው ላስቲክ የሚለበሰው ቀንም ሌትም ነው፤ ለመብላትና ለመቦረሽ ብቻ ይወልቃል። በረመዷን ከንጋት እስከ መግሪብ ሲወልቅ በቀን ከ13 ሰዓት በላይ ኃይሉ ይጠፋል። ማታ ደግሞ ለምግብ ሲወልቅና ሲገባ ስለሚውል ሳይቋረጥ የሚቆይበት ሰዓት ያጥራል፤ በዚህ ላይ ወር ሲጨመር ጥርሱ በከፊል ወደ ኋላ ይመለሳል። ላስቲክ አይዋጥም፣ አይሟሟም። የሃይማኖቱን ብይን ለሚያውቁት ለሼኾቻችን እንተዋለን፤ ሐኪም የሚለው ቀኑን ሙሉ ይቆይ፣ በስሑር ሰዓት ከቦረሻችሁ በኋላ አዲሱን አድርጉ ነው። በየቀኑ የሚቀየረው በአፍ ውስጥ እርጥበትና ሙቀት ስለሚደክም ነው። በማሸጊያው ላይ የተጻፈው ግራም የሚሰጠው የቀለበቱ ውስጣዊ ስፋት በ3 እጥፍ ሲለጠጥ ነው። ያመለጠውን ቀን ለማካካስ ብሎ በአንድ ጊዜ ሁለት መደረብ፣ ከላይ እንዳልነው፣ የኋላ ጥርሱን ወደ ፊት መጥራት ነው።

ሪቴይነር

ሽቦው ሲፈታ ጥርሱ ቦታው ላይ ደርሷል፣ የሚይዘው ግን ገና አልጠነከረም። ጅማቱ እንደገና ለመደራጀት 3 ወይም 4 ወር ይፈልጋል። በድዱ ውስጥ ያሉት ተለጣጭ ክሮች ከሁሉም ይዘገያሉ፤ ዓመት ካለፈም በኋላ በተለይ ዞሮ የነበረን ጥርስ ወደ ነበረበት ይጎትታሉ። ስለዚህ የመጀመሪያዎቹን 3 ወይም 4 ወራት ከምግብና ከመቦረሽ በስተቀር ቀንም ሌትም፣ ከዚያ ቢያንስ እስከ ዓመቱ በየሌሊቱ ይደረጋል። ከዚያ በኋላም ቀጥ ብሎ እንዲቆይ የፈለገ ሰው በሌሊት ማድረጉን ባይተው እንመክራለን፤ ጥርስ ሽቦ ያልታሰረለት ሰው ላይም በዕድሜ ይንቀሳቀሳል።

ሪቴይነር በፈላ ውኃ አይታጠብም፣ ቅርጹ ይበላሻል፤ በቀዝቃዛ ውኃና በለስላሳ ብሩሽ ይበቃዋል። ሲበላ በሶፍት ተጠቅልሎ ገበታ ላይ ከተቀመጠ ከትርፍራፊው ጋር ይጣላል፣ ስለዚህ በሳጥኑ ይግባ። ከጠፋ ወይም ከተሰበረ በዚያው ሳምንት ማሠራት ነው። የቆየ ሪቴይነር ሲደረግ ከጠበቀና ጥርሱን ከጫነ፣ ጥርሱ መንቀሳቀስ ጀምሯል ማለት ስለሆነ ለሐኪሙ ይነገር፤ ጨርሶ ካልገባ በኃይል አይገፋ።